ለትንሹ የሚታዘዝ ኃይል

የግሽ ዓባይ ምንጭ ከፍኖተ ሰላም ብዙ አይርቅም። ወደ ሰከላ ወጥቶ ያየው ሰው እንደሚያውቀው ለዓይን ትንሽ ነገር ነው፤ ጠበልተኛው በጀሪካን ይቀዳዋል። ያው ውኃ ግልገል ዓባይ ሆኖ ጣና ይገባል፣ ከጣና ዓባይ ሆኖ ይወጣል፣ ከ1950ዎቹ ጀምሮ በጢስ ዓባይ፣ ከ2002 ዓ.ም. ጀምሮ ደግሞ ከሐይቁ ተጠልፎ በጣና በለስ ተርባይን እያዞረ መብራት ይሆናል። መብራቱም በሽቦ ወደ ተነሣበት አገር ይመለሳል፤ ወደ ደምበጫ፣ ወደ ፍኖተ ሰላም፣ ወደ ቡሬ። በመጨረሻ በአንድ ቤት ግድግዳ ላይ 220 ቮልት ሆኖ ሶኬት ውስጥ ይቆማል። እዚያ ሲደርስ የራሱ መልክ የለውም። በሴኮንድ 50 ጊዜ ወዲያና ወዲህ ከመመላለስ በቀር የሚናገረው ነገር የለም። ምጣድ ቢሰኩበት ምጣዱን ያግላል፣ አምፖል ቢሰኩበት ያበራል።

አሮጌ የጃፓን አምፕሊፋየር ሲሰኩበት የሚሆነው ከዚህ ይለያል። ብዙ ሰው አምፕሊፋየር ትንሹን ድምፅ ተቀብሎ የሚያሳድገው ይመስለዋል። ትንሹ ድምፅ ግን አያድግም። የሸክላ መርፌ የሚያመነጨው 5 ሚሊ ቮልት ያህል ነው፤ የአንድ ቮልት ከሁለት መቶ አንድ እጅ መሆኑ ነው። በዚህ አቅም ስፒከር አይነቃነቅም። ስፒከሩን የሚነቀንቀው ከግድግዳው የመጣው ኃይል ነው። የትራንዚስተሩ ሥራ ያንን ትልቅ ኃይል ይዞ በትንሹ ምልክት ቅርፅ ማስኬድ ነው፤ ትንሹ ሲነሣ ይነሣል፣ ትንሹ ሲወርድ ይወርዳል፣ ትንሹ ዝም ሲል ዝም ይላል። ማሲንቆ ሲያለቅስ የምንሰማው በማሲንቆው ልክ የሚያለቅሰውን የዓባይን ውኃ ነው።

የእነዚህ ማሽኖች ማራኪነት ከዚህ ይጀምራል ብዬ አምናለሁ። የብር ቀለም ያለው ፊታቸው ያምራል፤ የማዞሪያቸው ክብደት ለጣት ይጥማል፤ ድሮን ለሚናፍቅም ድሮን ያመጡለታል። ይህ ሁሉ ባይኖር ግን እኔ አሁንም እወዳቸው ነበር። ኃይል ያለው ነገር፣ ኃይል ለሌለው ነገር መልክ ሲታዘዝ በእጃችን ነክተን በጆሯችን ሰምተን የምናረጋግጥበት ዕቃ ብዙ የለንምና።

በእኛ አካባቢ ትልቅ ድምፅ ሲሠራ የኖረው ሌላ ሥራ ነው። ጥንት ነጋሪት ነበር፤ ነጋሪት ተጎስሞ አዋጅ ሲነገር ሰው ይሰማል እንጂ አይመልስም። በኤሌክትሪክ የጎላ ድምፅም እዚህ አገር ገና በጠዋቱ የተሰማው በጦርነት መካከል ነው። በ1933 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ በኦሜድላ ገብተው፣ በበላያ፣ በቡሬና በደብረ ማርቆስ አድርገው ወደ አዲስ አበባ ሲመለሱ፣ ከኦርድ ዊንጌት ጦር ጋር አንድ የፕሮፓጋንዳ ክፍል ነበር። የሚመራው ጆርጅ ስቲር ነው፤ ኢጣልያ ሲወረን አዲስ አበባ ሆኖ የዘገበ፣ በኋላም የጌርኒካን ከተማ በቦምብ መደብደብ ለዓለም የነገረ ጋዜጠኛ። መሣሪያቸው በአማርኛ የታተመ በራሪ ወረቀትና ድምፅ ማጉያ ነበር፤ ከኢጣልያ ጎን የተሰለፈው ያገር ልጅ ከድቶ እንዲመጣ ይጠሩበት ነበር። በየካቲት ወር መጨረሻ የኢጣልያ ጦር ቡሬን ለቅቆ በማንኩሳ በኩል ወደ ደምበጫ ሸሸ። ድምፁ የጠራው ለነፃነት ነው፤ እኔም አከብረዋለሁ። ሆኖም ያም ቢሆን ጥሪ ነው፣ ትእዛዝ ነው። ከዚያ ወዲህ በመኪና ጣሪያ ላይ ታስሮ ሕዝቡን ለስብሰባ የጠራው ድምፅ፣ ዛሬ በገበያ መሐል የሚያስተዋውቀው ሞንታርቦ፣ ሁሉም የዚያው ዘር ናቸው። ሞንታርቦ ለሜዳና ለሕዝብ ብዛት የተሠራ ስለሆነ በሥራው አልወቅሰውም። ትልቅ ድምፅ የሚደርሰው ግን አስቀድሞም ትልቅ ለነበረው ነው፤ ማይኩን የያዘው ማን እንደሆነ ሁሉም ያውቃል።

የጃፓኑ አምፕሊፋየር ወደ ከተሞቻችን የገባው በሌላ በር፣ በሙዚቃ ቤት ነው። አምሐ እሸቱ እ.ኤ.አ. ከ1969 እስከ 1975 ያሳተማቸው ሸክላዎች ዘመናቸው አጭር ሆነ፤ አብዮቱ መጣ፣ ሸክላው ቀረ፣ ፊሊፕስ እ.ኤ.አ. በ1963 ለዓለም ያወጣው ካሴት ቦታውን ያዘ። ሙዚቃ ቤት ማለት እንግዲህ አንድ ጠባብ ክፍል፣ ግድግዳውን የሞላ የካሴት መደርደሪያ፣ ካሴት የሚገለበጥበት ዴክ፣ መሐል ላይ አምፕሊፋየር፣ በሩ ላይ ወደ መንገዱ የዞረ ስፒከር ነው። ገጠሩ መብራት አልነበረውም። በርበሬውን ወይም በቆሎውን ሸጦ ቴፕ የገዛ ገበሬ የሚያጫውተው በባትሪ ድንጋይ ነው፤ ድንጋዩ ሲደክም ፀሐይ ላይ ይሰጣል፣ ጥቂት ነፍስ ይዘራና መልሶ ይደክማል። ያን ጊዜ የቴፑ ሞተር ይዘገያል፣ የዘፋኙ ድምፅ ይወፍራል፣ ዘፈኑ ይጎተታል። እንዲህ ለወራት የሰማውን ዘፈን ገበያ ወጥቶ በሙዚቃ ቤቱ በር ሲያልፍ በአምፕሊፋየር የሚሰማው ሰው ምን እንደሚያጋጥመው አስቡ። ዘፈኑ ያው ነው፤ ነገር ግን ከሥሩ የማያውቀው ወፍራም የክራር ጅማት አለ፣ ከጀርባው ጭብጨባ አለ፣ ዘፋኙ ስንኝ ከመጀመሩ በፊት የሚስበው ትንፋሽ አለ። እነዚህ ሁሉ ቤቱ ባለው ካሴት ላይም ነበሩ። የሚያወጣቸው አላገኙም እንጂ።

ጃፓን ለእኛ አገር ሰው የቆየ ሐሳብ ናት። ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ በ1924 ዓ.ም. ጃፓን ደርሰው ተመልሰው «ማኅደረ ብርሃን ሀገረ ጃፓን»ን ጻፉ፤ ከበደ ሚካኤል በ1946 ዓ.ም. «ጃፓን እንደምን ሠለጠነች» ብለው ጠየቁ። እነሱ በመጽሐፍ የጠየቁትን የሚቀጥለው ትውልድ በማዞሪያ ነካው። ሳንሱይ እ.ኤ.አ. በ1947 ቶኪዮ ውስጥ ሲቋቋም የሚሠራው ትራንስፎርመር ነበር፤ ጦርነቱ ካወደማት ከተማ መሐል ማለት ነው። ኬንውድ የሆነው ኩባንያ ከአንድ ዓመት በፊት በናጋኖ ተራሮች ውስጥ በሬዲዮ ዕቃ ጀመረ። ፓዮነርን የመሠረተው ኖዞሙ ማትሱሞቶ ቀድሞ፣ እ.ኤ.አ. በ1930ዎቹ መጨረሻ፣ የራሱን ስፒከር ሠርቶ ተነሥቷል። ሶኒ እ.ኤ.አ. በ1965 ቲኤ 1120 የተባለውን የሲሊከን ትራንዚስተር አምፕሊፋየር አወጣ። ከዚያ በኋላ ባሉት አሥራ አምስት ዓመታት የተሠራው ነው ዛሬ ሰው የሚፈልገው፤ የሳንሱዩ ኤዩ 717፣ የያማሃው ሲኤ 1000፣ እ.ኤ.አ. በ1978 የወጣው የፓዮነር ኤስኤክስ 1980። ይህ የመጨረሻው በእያንዳንዱ ቻናል 270 ዋት ይሰጣል፣ ክብደቱም 35 ኪሎ ግራም ያህል ነው። አንድ ሰው ብቻውን ሊያነሣው ቢነሣ ወገቡን ያስባል።

እዚህ ላይ አንድ የሙዚቃ ነገር ሳልጠቅስ ባልፍ ይቆጨኛል። የእኛ አምባሰል አምስት ድምፆች የተሰለፉበት ርቀት፣ ጃፓኖች ሚያኮ ቡሺ ከሚሉት ቅኝት ርቀት ጋር አንድ ነው። አንዱ ከአንዱ አልወሰደም፤ ግን የቶኪዮ መሐንዲስ በልጅነቱ የለመደው የሐዘን እርከንና የጎጃም ሰው የለመደው ተጎራባች ናቸው። በዚህ ተነሥቼ ማሽኑ ለአምባሰል የተሠራ ነው አልልም፤ ትራንዚስተር ቅኝት አያውቅም። ደስ የሚለኝን ብቻ ነው የጻፍሁት።

ስለ ዋት ደግሞ መነገር ያለበት አለ። ዛሬ ገበያ ውስጥ በአንድ እጅ የሚነሣ የፕላስቲክ ሣጥን ላይ በሺህ የሚቆጠር ዋት «ፒ.ኤም.ፒ.ኦ.» ተብሎ ታትሞ ይታያል። ይህ ቁጥር ምንም አይለካም። በአሜሪካም እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ ነጋዴው ሁሉ የፈለገውን ቁጥር ይጽፍ ነበርና የፌዴራል ንግድ ኮሚሽኑ እ.ኤ.አ. በ1974 ደንብ አወጣ፦ አምፕሊፋየሩ አስቀድሞ በሚለው ኃይል ሲሶ ለአንድ ሰዓት ይሠራል፣ ሁለቱም ቻናሎች አብረው ይጫናሉ፣ ከዚያ በኋላ የሚሰጠው ዋትና የሚያዛባው መጠን አብረው ይጻፋሉ። አንድ ሰዓት ሙሉ ሲግል የሚቆይ ማሽን ሊዋሽ አይችልም፤ ወይ ይችላል ወይ ይቃጠላል። ጃፓኖቹ በዚህ ደንብ ሥር ሲሽቀዳደሙ ነው ትራንስፎርመሩ እየከበደ፣ ካፓሲተሩ እየወፈረ፣ የሙቀት ማብረጃው እየሰፋ የሄደው። ስለዚህ ክብደቱ የተከበረ ቃል ነው ብል ማጋነን አይደለም፤ ሣጥኑ ላይ የተጻፈው ቁጥር ውስጡ በመዳብና በብረት ተከፍሎበታል።

ይህ ሁሉ ኃይል ደግሞ በአብዛኛው ሥራ ፈት ነው፤ ከሁሉ በላይ የሚማርከኝ ይህ ነው። ጆሯችን የድምፅን መጠን እጥፍ አድርጎ እንዲሰማ ኃይሉ አሥር እጥፍ ማደግ አለበት። በተለመደ ክፍል፣ በተለመደ ስፒከር፣ ሰው እየተጨዋወተ ለሚያዳምጠው ሙዚቃ አንድ ዋት ይበቃል፤ ከዚያም ያነሰ ይበቃል። ታዲያ መቶ ዋት ባለው ማሽን የቀረው ዘጠና ዘጠኝ ለምንድን ነው? ለከበሮው ነው። ዘፈኑ ለስልሶ ሲሄድ ቆይቶ አንዲት የከበሮ ምት ስትመጣ፣ ለዚያች ቅጽበት ከአማካዩ አሥር እጥፍ፣ አንዳንዴም መቶ እጥፍ ኃይል ትጠይቃለች። አቅም የሌለው ማሽን እዚያ ላይ የድምፁን ጫፍ ይቆርጠዋል፤ ጫፉ የተቆረጠ ድምፅ ይሻክራል፣ ጆሮ ያደክማል፣ ለምን እንደደከመን ሳናውቅ እንድናጠፋው ያደርገናል። አቅም ያለው ማሽን ምቷን አሳልፎ ወደ ዝምታው ይመለሳል። ሌሊቱን ሙሉ ሲጫወት ያደረ መቶ ዋት ማሽን ሙሉ ኃይሉን ያወጣው ተደምሮ ከጥቂት ደቂቃ ላይበልጥ ይችላል፤ የቀረውን ጊዜ ሁሉ ይዞት ነበር። እኛ ደግሞ ኃይልን የምናውቀው በሚወጣው ነው። ያልወጣ ኃይል በምን ይታወቃል? በዚህ ማሽን ውስጥ የሚታወቀው በድምፁ እርጋታ ነው። ዝቅ አድርገው ሲከፍቱትም ድምፁ አይጨነቅም፤ ከተራራ ሥር እንደሚሄድ ውኃ ቸኩሎ የሚያመልጠው ነገር የለም።

ማብሪያው ሲጫን ወዲያው አለመናገሩም ከዚሁ ጋር ይሄዳል። ጥቂት ሴኮንድ ይቆያል፤ ከዚያ ውስጡ አንድ ነገር ቀጭ ይልና ድምፅ ይመጣል። ያ ሪሌይ ነው። የውስጡ ቮልቴጅ እስኪረጋ፣ ስፒከሩን የሚያቃጥል ቀጥተኛ ጅረት አለመኖሩ እስኪታይ ድረስ ማሽኑን ከስፒከሩ ለይቶ ያቆየዋል። በሥራ መሐል አንድ ነገር ቢበላሽም መልሶ ይለየዋል። መሐንዲሶቹ ያሰቡት ቀላል ነገር ነው፤ ኃይሉ ሳይረጋ ደካማው ፊት እንዳይቀርብ።

ወደ ውስጥ ጠለቅ ሲሉ ደግሞ ይበልጥ የሚገርም ነገር አለ። እ.ኤ.አ. ነሐሴ 2 ቀን 1927 ሃሮልድ ብላክ የሚባል የቤል ላብራቶሪ ወጣት መሐንዲስ ወደ ማንሃተን በጀልባ ሲሻገር አንድ ሐሳብ መጣለት፤ በእጁ በነበረው የኒው ዮርክ ታይምስ ጋዜጣ ገጽ ላይ ሣለው። ሲያስጨንቀው የኖረው ይህ ነበር፦ የስልክ ድምፅ ረጅም መንገድ ሲሄድ በየቦታው ማጉያ ይፈልጋል፣ እያንዳንዱ ማጉያ ከራሱ ጥቂት መዛባት ይጨምርበታል፣ ብዙ ማጉያ ያለፈ ድምፅ በመጨረሻ የማን እንደሆነ አይታወቅም። የብላክ መፍትሔ፣ ማጉያው ካወጣው ድምፅ ጥቂቱን ወደ መግቢያው እንዲመልስ፣ ከተቀበለው ጋር እንዲያስተያይና ከራሱ የጨመረውን ልዩነት እንዲቀንስ ማድረግ ነው። ዋጋ ግን አለው። ማጉያው የማጉላት አቅሙን አብዛኛውን ይተዋል፤ አሥር ሺህ ጊዜ ሊያጎላ የሚችለው በሠላሳ በአርባ ጊዜ ይወሰናል። ሐሳቡ ለዘመኑ ሰው የሚዋጥ ስላልነበረ፣ ፓተንቱ የተሰጠው ማመልከቻው ከገባ ከዘጠኝ ዓመት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1937 ነው።

ይህን ሳስብ የሚመጣብኝ የዜማ ቤት ነው። ተማሪው ከመምህሩ የተቀበለውን ይመልሳል፤ ድምፁ ምንም ያህል ቢያምር፣ አንዲት ርክርክ ወይም አንድ ጭረት ከሳተ ይታረማል። ድምፁ ያማረ ልጅ እንዲያውም ይበልጥ ይጠበቃል፤ ባማረ ድምፅ የተዛባ ዜማ ሰው ሳያውቀው ይለምደዋልና። እየቆየ መምህሩ በሌለበትም ራሱን ማረም ይማራል፤ እያዜመ ራሱን ይሰማል፣ የሚወጣውን ከተቀበለው ጋር ያስተያያል። በጉሮሮው ያለውን ሁሉ አያወጣም። ቅዱስ ያሬድን ለዘመናት ያለ ኤሌክትሪክ ያደረሱልን እነዚህ ራሳቸውን እየሰሙ ያዜሙ ሰዎች ናቸው።

ማረምም ሥርዓት አለው። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ ኩባንያዎቹ የመዛባቱን ቁጥር ለማሳነስ ሲሽቀዳደሙ የሚመለሰውን እርማት አበዙት፤ ወረቀቱ ላይ የመቶኛው ቁጥር እያነሰ ሲሄድ የአንዳንዱ ማሽን ድምፅ ግን የደረቀ ሆነ። ማቲ ኦታላ የተባለ የፊንላንድ ተመራማሪ ምክንያቱን አሳየ፦ ድምፁ በድንገት ሲነሣ፣ እርማቱ ከመድረሱ በፊት ማጉያው አስቀድሞ ይስታል። እርማት ብዙ ስለሆነ አያድንም፤ በጊዜው መድረስ አለበት። ሳንሱይና ሌሎቹም ከዚያ በኋላ የተጨነቁት ማሽኑ ለድንገተኛ ድምፅ በሚደርስበት ፍጥነት ነው። የዚያ ዘመን ማሽኖች ከቀደሙት የሚለዩት በዚህ ነው፤ እኔም ብመርጥ የማዘነብለው እ.ኤ.አ. ከ1977 ወዲህ ወደተሠሩት ነው።

አሮጌዎቹን ይህን ያህል ካሞገስሁ፣ ስለ ዛሬዎቹም እውነቱን ልናገር። የጥፍር ያህል ቺፕ ያላቸው፣ በጥቂት ብር የሚገዙ የዛሬ አምፕሊፋየሮች በመለኪያ ሲታዩ ከብዙዎቹ አሮጌዎች ይበልጣሉ። መዛባታቸው ያነሰ፣ ሙቀታቸው ያነሰ፣ የሚበሉት መብራትም ያነሰ ነው። ሁለት ደኅና ማሽኖች ድምፃቸው እኩል ተደርጎ፣ አቅማቸው ሳይታለፍ፣ ዓይን ተሸፍኖ ቢሰሙ መለየት እጅግ ከባድ ነው። አሮጌው በተፈጥሮው «ሞቃት» ነው፣ ነፍስ አለው የሚለውን አባባል ስለዚህ አልቀበለውም። ያረጀ ካፓሲተር የሚያወጣውን ብልሽት ሰው ነፍስ ብሎ ሲያሞግስ ሰምቻለሁ፤ ማሽኑን ለሠሩት ሰዎች ይህ ክብር አይደለም። እነሱ ሌሊት ያደሩት ማሽኑ የራሱ ነገር እንዳይኖረው ነው።

ታዲያ ምን ቀረ? ለእኔ የቀረው፣ ማሽኑ እንድናዳምጥ የሚጠይቀን መሆኑ ነው። የክቡር ዶክተር ሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» የሚጀምረው ማንኩሳ ነው፤ ከፍኖተ ሰላም ወደ ቡሬ በሚወስደው መንገድ ላይ ያለችው ማንኩሳ። ወጋየሁ ንጋቱ በኢትዮጵያ ሬዲዮ «ከመጻሕፍት ዓለም» ዝግጅት ሲተርከው የማንኩሳና የአካባቢዋ ሰው የራሱን አገር ታሪክ በባትሪ ድንጋይ ሬዲዮ ሰማው። በጦርነቱ ዘመን በአጠገቧ የጎላ ድምፅ ሲያስተጋባ የሰማች አገር፣ ከአንድ ትውልድ በኋላ የራሷን ገበሬ፣ የራሷን ልጅ ወሬ የሚያወራ ድምፅ ሰማች፤ ያውም የማይጮኽ ድምፅ። ወጋየሁ አይጮኽም። ዝቅ ይላል፣ ይቆማል፣ ሴቲቱን ሲሆን ሴቲቱን፣ ሽማግሌውን ሲሆን ሽማግሌውን ይሆናል። የዚያን ትረካ ቅጂ በደኅና አምፕሊፋየር፣ በዝቅተኛ ድምፅ የሰማ ሰው የሚያገኘው ነገር በትንሹ የስልክ ስፒከር ውስጥ የለም፤ በሁለት ዓረፍተ ነገር መካከል ያለው ዝምታ እንኳ የክፍሉ አየር ይሰማበታል። ይህን ዝምታ ቺፑም ሊሰጠን ይችላል፤ በእውነት ይችላል። ነገር ግን ቺፑን የሚገዛው ሰው ብዙውን ጊዜ የሚገዛው ለጩኸት ነው፣ ጫፉ እስኪቆረጥም ይከፍተዋል። ሰባት ስምንት ማዞሪያ ያለው ከባድ ማሽን ፊት የተቀመጠ ሰው ግን ረጋ ብሎ ይቀመጣል። ማዞሪያውን በሁለት ጣት ይነካል፣ ያዳምጣል፣ ጥቂት ይመልሳል። ከማዞሪያዎቹ አንዱ፣ «ላውድነስ» የሚባለው፣ ፍሌቸርና ሙንሰን የተባሉ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ1933 ያሳዩትን ተከትሎ የተሠራ ነው፤ ጆሯችን ድምፅ ሲያንስ ወፍራሙን ድምፅ ቀድሞ ይተዋልና ያንን ይመልሳል። አስቡት፤ ማሽኑ ውስጥ አንድ ሙሉ ማዞሪያ የተቀመጠው ዝቅ አድርጎ ለሚሰማ ሰው ነው። ልጅ ስለተኛ፣ ጎረቤት ስላለ፣ ሌሊት ስለሆነ ድምፁን ለቀነሰ ሰው።

የእነዚህ ማሽኖች ዕጣ ግን ዛሬ ያሳስበኛል። ክብደታቸው ጠላታቸው ሆኗል። ቆራሌውና ልዋጩ በየሰፈሩ ሲዞሩ የሚመዝኑት በኪሎ ነው፤ ከትራንስፎርመሩ የሚወጣው መዳብ ደግሞ ገዢ አያጣም። የተበላሸ አምፕሊፋየር ያለው ሰው በአብዛኛው የሞተ ይመስለዋል። ብዙውን ጊዜ ግን አልሞተም። ካፓሲተሩ ውስጥ ያለው ፈሳሽ ከአርባ ዓመት በኋላ ይደርቃል፤ ይቀየራል፣ ዋጋውም ውድ አይደለም። ማዞሪያው የሚንኮሻኮሸው አቧራና ዝገት ስለያዘው ነው፤ ይጸዳል። አንዱ ቻናል የሚጠፋው ሪሌዩ ስለጠቆረ ወይም የሊድ ብየዳው ስለተሰነጠቀ ሊሆን ይችላል። የሚከብደው የመጨረሻው ትራንዚስተር ሲቃጠል ነው፤ ዋናው ዓይነት ከተቋረጠ ቆይቷል፣ በገበያ ያለው ብዙው የውሸት ነው፣ ተመሳሳዩን መርጦ ማስገባት ዕውቀት ይጠይቃል። ከሁሉ የከፋው ፊውዙን በብር ወረቀት ጠቅልሎ ማስነሣት ነው፤ ያ ፊውዝ የተቀመጠው ሌላው ሁሉ እንዳይነድ ነበርና። ሁለተኛው አደጋ የቮልት ነገር ነው። ለውጭ ገበያ ከተሠሩት ማሽኖች ብዙዎቹ ከኋላቸው የቮልት መምረጫ አላቸው፤ ለጃፓን ለራሷ የተሠራው ግን 100 ቮልት ብቻ ያውቃል፤ ዝቅ የሚያደርግ ትራንስፎርመር ሳይኖር 220 ላይ ቢሰካ ያልቅለታል። የእኛ መብራት ሲሄድና ሲመጣ ከፍና ዝቅ ስለሚልም ስታቢላይዘር ለቅንጦት የሚገዛ ዕቃ አይደለም።

ይህን ሁሉ የሚያውቁት በየከተማው ያሉ የሬዲዮና የቴፕ ጠጋኞች ናቸው፤ አብዛኞቹም አርጅተዋል። ዛሬ ወጣቱ የሚማረው የስልክ ጥገና ነው፤ መማሩ ተገቢ ነው፣ እንጀራው እዚያ ነው። የኤሌክትሮኒክስ ተማሪ ፊት ግን ከእነዚህ አሮጌ ማሽኖች አንዱ ክዳኑ ተነሥቶ ቢቀመጥ ምን ያህል እንደሚያስተምር ሳስብ እቆጫለሁ። ትራንስፎርመሩ ይታያል፣ ካፓሲተሩ ይታያል፣ እያንዳንዱ ትራንዚስተር ለብቻው ቆሟል፤ ተማሪው የድምፁን መንገድ ከመግቢያው እስከ ስፒከሩ ሽቦ ድረስ በጣቱ እየተከተለ መሄድ ይችላል፣ ከዚያም የእርማቱን መሥመር ወደ ኋላ። ሁሉ ነገር በአንድ ጥቁር ቺፕ ውስጥ የታሸገበት የዛሬው ማሽን ይህን አያሳየውም። ለዚህ ትምህርት የሚሆነው ዕቃ በቡሬም፣ በፍኖተ ሰላምም፣ በየሰው ቤት ቁም ሣጥን ላይ አቧራ ለብሶ ይኖራል፤ ልዋጩ ሳይደርስበት አንድ የቴክኒክና ሙያ መምህር ቢደርስበት እወዳለሁ።